የኮምፔንሳቶው በር

ይድረስ ለወንድምዓለም፤ ጤናህን አጥብቄ እጠይቃለሁ፤ እኛ ደህና ነን።

እኔ ያው ለፊልም የውሸት ቤት እሠራለሁ። ዳይሬክተሩ የድሮ ሳሎን ቢለኝ፣ አባባ ሲሞት የሸጥነውን ቤታችንን ቁርጥ አስመስዬ ሠራሁት፤ ግድግዳውን ሳይቀር በሻይ አስረጀሁት። እማዬን ወስጄ ባሳያት ደስ አላት። ወንበሩ ላይ ተደላድላ፣ «ቀስ በሉ፣ አባታችሁ ተኝቷል» ብላ አናጺዎቹን ተቆጣች። የመኝታ ቤቱ በር እኮ ኮምፔንሳቶ ነው፤ ከኋላው ክፍል የለም! ሁላችንም ሳቅን። ከዚያ ወዲህ ጠዋት ጠዋት ለባብሳ «ወደ ቤት ውሰደኝ» ትለኛለች።

ትናንት ቀረጻው አልቆ ላፈርሰው መዶሻ ይዤ ገባሁ። ከመምታቴ በፊት ግን፣ ምን እንደነካኝ እንጃ፣ በሩን አንኳኳሁ። ቤቱ እስካሁን አልፈረሰም።

እማዬ ሰላም ብላሃለች። «አባቱም ሰላም ብሎታል ብለህ ጻፍ» አለችኝ፤ እንዳለችው ጻፍኩልህ።

ታናሽህ