እናቴን በአንድ ጉብኝት ለፈወሳት መሥሪያ ቤት

ቤርሼቫ፣ እስራኤል፣ 2016

ለክቡር የውጭ አገር ሠራተኞች ፈቃድ ሰጪ ኃላፊ፣

ጤናዎ እንደምን ሰነበተ? ጉልበትዎ ይጽና፣ ወገብዎ አይጉበጥ፣ በእርጅናዎም የሰው እጅ አያሳይዎ። እኛ የሽኩና ዳሌት ሰፈር ሰዎች በትጋትዎ እየተደነቅን አለን።

አንደኛው ምስጋናዬ ስለ ቢማላ ነው። ቢማላ፣ ግማሽ ጎኗ የማይታዘዝላትን እናቴን እማማ ሸዋርካብን ስታነሣና ስታስተኛ ስድስት ዓመት የኖረች ኔፓላዊት ናት፤ የራሷን ልጅ ለእናቷ ትታ ነው የመጣችው። እናቷ ስትታመም አይታት ልትመለስ ፈቃድ ብትጠይቅ፣ መሄድ እንደምትችል፣ መመለስ ግን እንደማትችል በትሕትና አስረዷት። የልጇ ቀለብ እንዳይቋረጥ ቀረች። እንዲህ ያለ ነጻነት ከየት ይገኛል!

ሁለተኛ፣ እናቷ ሞተች። መርዶው ድስት እያማሰለች ሳለ በስልክ ደረሳት። በእኛ ወግ መርዶ እንዲህ አይነገርም፤ ሽማግሌ ተሰብስቦ፣ ማልዶ ሄዶ፣ ሰውየውን ደግፎ ነው። እናቴ ተቆጣች። መርዶ የሰማች ትቀመጣለች እንጂ ሰው አታነሣም ብላ ቢማላን ምንጣፍ ላይ አስቀመጠቻት፣ ጎረቤቱንም አስጠራች። ከቋንቋዋ አንዲት ቃል የማያውቁ የዳሌት እናቶች ነጠላቸውን አዘቅዝቀው መጥተው አለቀሱላት። እኔም አለቀስኩ፣ ምን ልዋሽ።

ሦስተኛ፣ በዚያው ዕለት ተቆጣጣሪዎ ከተፍ አሉ። ለቅሶ ቤት የገባ ሰው ቁጭ ብሎ እግዚአብሔር ያጽናሽ ይላል፤ እሳቸው ግን ሥራ ስለሚበዛባቸው እንደ ቆሙ ቀሩ። እናቴ ልያዝሽ ብላት እጄን ገፍታ፣ ግድግዳ ተደግፋ፣ እየተንቀጠቀጠች ለቢማላ ውሃ ወሰደችላት። ግማሹ መንገድ ላይ ፈሰሰ። ተቆጣጣሪዎም ያዩትን አዩ፦ አሠሪዋ ቆማ ታስተናግዳለች፣ ሠራተኛዋ ተቀምጣለች።

በሳምንቱ ውሳኔዎ መጣልን፤ እናቴ ድናለች፣ ሠራተኛ አያስፈልጋትም። ሐኪሞች ያቃታቸውን በአንድ ጉብኝት ፈወሷት! ቢማላም ፈቃዷ ከእናቴ ጋር የታሰረ ነውና በወሩ መጨረሻ ወደ አገሯ ትሄዳለች። እናቷን ለማየት የተነፈገችው መንገድ፣ እናቷ ከተቀበረች በኋላ እነሆ በግድ ተሰጣት።

እኔ ፋብሪካ ስውል እናቴን ማን እንደሚያነሣት ግን ውሳኔው ላይ አላገኘሁም። ተናድጃለሁ፣ ክቡርነትዎ። ውሳኔዎን ይሻሩልን።

ከእግርዎ ሥር ዝቅ ብዬ፣ እናቴን ለመሸከምም ከወዲሁ ዝቅ ማለትን እየተለማመድኩ፣

አገሬ ታየ

ማሳሰቢያ፦ ክፉ አይንካዎትና፣ በቤትዎ ሐዘን የደረሰ እንደሆነ እናቴ፣ ተሸክመናትም ቢሆን፣ ለቅሶ ሳትደርስዎ አትቀርም። ያን ጊዜ ቆማ ብትታይ፣ አደራዎን፣ እንዳይጽፉባት።