አጎቴ ታሪካዊ ምስል ሆነ

መጋቢት 3
ዛሬም ቅንብር ክፍል ዋልኩ። ስለ መጀመሪያው የእሳት አደጋ ቡድን የምንሠራው ፊልም፣ አዛዡ የሚታይበት ቦታ ላይ ሲደርስ... ባዶ! ከድሮ ፊልሞች ማከማቻ ያገኘሁት መኪናውን፣ ቱቦውንና አንድ ውሻ ነው። ውሻው የሌለበት ቦታ የለም። አዛዡ ብቻ ጠፋ። የአዛዡን ሴት ልጅ በስልክ ብጠይቅ "ምንም የለኝም" ብለው ጆሮዬ ላይ ዘጉት። ዳይሬክተሩ ደግሞ (ሁሌ "እንደገና!" ስለሚል "ጋሽ እንደገና" ነው የምንለው) "ሰውየው ካልታየ ፊልሙ አይወጣም" አለ። ከየት ልውለድለት?

መጋቢት 5
አጎቴን ካፖርት አልብሼ፣ የጎረቤት ቆብ ደፍቼለት ጓሮ ውስጥ ቀረጽኩት። ለቦታ መያዣ ብቻ... እውነተኛው እስኪገኝ። "ጀግና ምሰል" ስለው ሆዱን ነፋ። ጥቁርና ነጭ አደረግኩት፣ ጭረት ጨመርኩበት፣ ትንሽ አንቀጠቀጥኩት። ወይ ጉድ! እኔው ራሴ ላምን ምንም አልቀረኝ።

መጋቢት 6
ጋሽ እንደገና አየው። እንባው መጣ።
"ዓይኑን እዪው! የዚያ ዘመን ሰው ዓይን! ዛሬ እንዲህ ያለ ሰው የት ይገኛል?"
ሶፋችን ላይ ተጋድሞ ያንኮራፋል፣ የት ይገኛል!
"ጋሼ፣ እሱ እኮ..."
"ዝም በዪ፣ አታበላሺብኝ።"
ምስሉን እንዳለ ተውኩት። ምን ዓይነት ፈሪ ነኝ?

መጋቢት 9
ጉድ ፈላ። ጋሽ እንደገና የአዛዡን ልጅ ጋብዟቸዋል፣ ነገ ይመጣሉ። የአባታቸውን ቦታ ለአጎቴ ሆድ ልሰጥባቸው ነው? ሳይገቡ እነግራቸዋለሁ። የግድ።

መጋቢት 10
አልነገርኳቸውም። ቀድመውኝ ገብተው ተቀምጠዋል። አጎቴም (ማን ጠራው?) "ራሴን ልይ" ብሎ በር ላይ ቆሟል። ምስሉ መጣ። ሴትዮዋ መነጽራቸውን ጠርገው አደረጉ። ምስሉን አዩ። ዞረው አጎቴን አዩ። ምስሉን... አጎቴን... አጎቴ ሆዱን ነፋ።
"አባቴ የሆነው ይሄ ሰውዬ ነው?"
"ለጊዜው ነው፣ እማማ" አለ አጎቴ።
ምነው መሬት ተከፍታ በዋጠችኝ! ሁሉንም ዘረገፍኩት። ጋሽ እንደገና አፉን ከፍቶ ቀረ። ሴትዮዋ ይጮሁብኛል ስል በሳቅ ፈረሱ።
"አባቴ በዚህ ሆድ ነው መሰላል የሚወጣው? በይ ነገ ቤት ነዪ። ከዚህስ የደበቅኩት ይሻላል።"

መጋቢት 11
የደበቁት የድሮ ፊልም አልጋ ሥር፣ የጫማ ካርቶን ውስጥ ነበር። ስናየው፣ አዛዡ በሕዝብ ፊት ቱቦውን አስከፈተ፤ ቱቦው አመለጠው፤ ውሃው ገፍቶ በቂጡ ጣለው! ጭቃ በጭቃ ሆኖ ተነሣ... እየሳቀ።
"ሰው ይሥቅበታል ብዬ እኮ ነው የደበቅኩት" አሉ ቀስ ብለው። "ለካ በአባቴ ያፈርኩት እኔው ነኝ።"
እጃቸውን ያዝኩ።

መጋቢት 20
ፊልሙ ታየ። አጎቴ ተቆርጦ ስለወጣ አኩርፎኛል። "እኔ እኮ ሳልወድቅ ነው የሠራሁት" ይላል።
አዛዡ ሲወድቅ አዳራሹ በሳቅ አውካካ። እኔ ወደ ሴትዮዋ ማየት ፈራሁ። ተከፍተው ይሆን? ከመቀመጫቸው ብድግ አሉ። ሊወጡ ነው ብዬ ደነገጥኩ። እሳቸው ግን በጨለማው ውስጥ እጃቸውን አውጥተው ጮኹ፦
"የወደቀው የኔ አባት ነው! የኔ አባት እኮ ነው!"