ለግራኙ ወርዋሪ አባት

ኦክላንድ፣ ቅዳሜ ነሐሴ 15 ቀን 2002 ዓ.ም.

ለላይኛው አልጋ ባለቤት፣ ለወንድሜ ለአምሐ ይድረስ፤

“ይሄ ልጅ የኛ ነው!” አለ ገዛኸኝ። ነገሩ ሁሉ የተጀመረው ከዚህች ቃል ስለሆነ ደብዳቤዬንም ከእሷ ልጀምር። ቴሜስካል ሰፈር አንድ ሐበሻ ምግብ ቤት ተቀምጠናል። ቴሌቪዥኑ ቤዝቦል ያሳያል፤ የሚያየው የለም፤ ያልተቀየረው ሪሞቱ ስለጠፋ ነው። ገዛኸኝ እንደ እኔው ታክሲ ነጂ ነው። ግንባሩ ገለጥ፣ አፍንጫው ቀጥ ያለ ፍጡር ሁሉ በእሱ ዘንድ ኢትዮጵያዊ ነው። ከዚህ በፊት ለአንድ ብራዚላዊ በረኛ፣ ለአንዲት የአየር ትንበያ አንባቢና ለአንድ ሕንዳዊ የጥርስ ሐኪም ዜግነት ሰጥቷል። ቤቱ ሳቀበት። እኔ ቀና ብዬ አየሁና አመንኩት። ወርዋሪው ልጅ ኳሷን ከመልቀቁ በፊት ቆቡን ነካ፣ የታች ከንፈሩን ነከሰ፣ መልሱ ሰማይ ላይ የተጻፈ ይመስል ሽቅብ አየ። አምሐ፣ አንተ ፈተና ስትቀመጥ እንዲሁ ነበርክ።

ይህ ሚያዝያ ላይ ነው። የዚያኑ ሳምንት ልጅህን አየሁት ብዬ ደወልኩልህ። “ተሳስተሃል፣ አብዱ” ብለህ ዘጋኸው። እንደገና ብደውል አታነሳም። በመጨረሻ አንዲት መስመር ኢሜይል ላክህልኝ፤ “በወንድምነታችን ይዤሃለሁ፣ ቤቴን አታፍርስብኝ፣ ቁጥሬንም ለማንም አትስጥ” የምትል። ቃሌን ጠብቄያለሁ፤ ቁጥርህን አልሰጠሁም። የሰጠሁት ሌላ ነገር ነው። የሰጠሁት ነገር ደግሞ አሁን የልጁን ክንድ ሊቆርጥ ነው። ነገ በእኛ ቀን ሰባት ሰዓት ላይ ይወረውራል፤ በእናንተ ከምሽቱ አምስት ሰዓት መሆኑ ነው። እስከዚያ ጊዜ አለን። ስለዚህ እባክህ እስከ መጨረሻው አንብበኝ።

መጀመሪያ ልጁን ላስተዋውቅህ፤ ማስተዋወቅ ከተባለ። ዮስባኒ ይባላል። ክሊኒክ ትሠራ የነበረችው የሚርታ ልጅ ነው። ወደ አገር የመመለሻው ትእዛዝ መጥቶ አውቶቡስ ላይ ሲጭኑን አጥሩን ይዛ የቆመችው ሚርታ፣ ያኔ ሁለት ነፍስ ነበረች። አንተም ታውቅ ነበር፣ እኔም አውቅ ነበር። ጥፋቱን ሁሉ አንተ ላይ አልጭንም፤ ያን ቀን ማንም አልጠየቀንም፤ ሂዱ ሲሉን እንደሄድን ኑ ሲሉን መጣን። ልጁ ያቺው ከሃቫና በታች፣ ለትምህርት ተልከን ባደግንባት ደሴታችን ላይ አደገ፤ በግራ እጁ ድንጋይ እየወረወረ ያቺኑ እኛ ስንለቅማት የኖርነውን ግሬፕፍሩት ያወርድ ነበር አሉ። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ በጀልባ ሜክሲኮ ወጣ። ከዚያ ወዲህ ለአገሩ ከሃዲ ነው፤ መግቢያ የለውም፤ ሚርታን ድምጿን ይሰማል እንጂ አያያትም። አሜሪካ ገብቶ በትንንሾቹ ቡድኖች ስቶክተንን በሐሩር፣ ሳክራሜንቶን በአውቶቡስ ወንበር ላይ እየተኛ አሳለፈ። ዘንድሮ ከትልቁ ቡድን፣ ኦክላንድ ደረሰ። እዚህ ለመድረስ የሚሞክረውና ሳይደርስ የሚቀረው ብዛቱ የእኛን የዲቪ አመልካቾች ያህላል።

በተጫዋቾቹ በር ታክሲዬን አቁሜ ጠበቅሁት። ሲወጣ በደሴቲቱ ስፓኒሽ፣ ግማሹን ቃል በሚውጠው፣ “ከኢስላ፣ ከደሴቷ፣ ነህ አንተ?” አልኩት። ቦርሳውን ከእጁ ጣለው።

“አንተ ከነዚያ ሐበሻ ተማሪዎች ነህ?” አለኝ።

“ከነዚያ ነኝ።”

“አባቴም ከነሱ ነበር። አምሐ ይባላል። ታውቀዋለህ?”

እስቲ ምን ልበል? ስምንት ዓመት ከአልጋህ ሥር ተኝቼ፣ ጠዋት ትምህርት ከሰዓት ለቀማ አብሬህ ውዬ፣ አላውቀውም ልበል? “አውቀዋለሁ” አልኩት። “ደህና ነው?” “ደህና ነው።” “ስለኔ ያውቃል?” ነገሩ የተበላሸው እዚህ ላይ ነው። ፊቱን ብታየው አንተም ትዋሽ ነበር። “ሰላም ብሎሃል” አልኩት።

ሰላምታ ደግሞ ብቻውን አይኖርም፤ ይወልዳል። ልጁ መንጃ ፈቃድ ስለሌለው ከሳን ሊያንድሮ ወደ ስታዲየም የማደርሰው እኔ ነኝ። ገና በሩን ሳይዘጋ “አባቴ ምን አለ?” ይለኛል። አባትህ ወገብህን ቀድመህ አዙር ይላል (መጽሐፍ ገዝቼ አንብቤ ነው)። አባትህ ሩዝ ብቻ አትብላ ይላል። አባትህ እንግሊዝኛ ተማር ይላል። ሁሉንም ይፈጽማል፤ እንግሊዝኛ ክላስ ገብቷል። በእኔ አፍ ውስጥ ግሩም አባት ሆነሃል፣ አምሐ። ከእኔ ትሻላለህ፤ የገዛ ልጄ ካውሰር ከምላት አንዱንም አትሰማ።

አንድ ቀን፣ ለምን ከአገርህ ወጣህ ብዬ ጠየቅሁት። ዶላር ይለኛል ብዬ ነበር። “ቴሌቪዥን ላይ ብወጣ አባቴ ያየኛል ብዬ” አለኝ። በአገራችን ይህን ጨዋታ የሚያውቅ የለም። የሚቀርበው ዘመዱ ገና ነው፤ እሱንም በዓመት አንዴ ነው የምንጫወተው፣ የጎረቤት ቅልጥም ለመስበር። ልነግረው ይገባኝ ነበር። “በሳተላይት ያይሃል” አልኩት። ሰኔ ላይ ደግሞ፣ ማን አስገደደኝ፣ “የነሐሴውን የእሑድ ጨዋታ፣ በመላ አገሪቱ የሚተላለፈውን፣ በምንም አላልፈውም ብሏል” አልኩት። ያ እሑድ ነገ ነው።

ከዚያ ረመዳን ገባ። ባለቤቴ ዙሌይካ ጎህ ሳይቀድ ሱሑር ስንበላ አየት አደረገችኝና “ከምግብ ፆመህ ውሸት የምትበላ ከሆነ ምኑን ፆምከው? ይልቅ ሾርባህን ጠጣ” አለችኝ። ልክ ናት። በመጀመሪያው ቀን ተውኩ። መኪና ውስጥ ስለ አየሩ ብቻ ማውራት ያዝኩ፤ እዚህ ደግሞ አየሩ አይለወጥም።

“አባቴ ምን አለ?”

“ምንም።”

“ታሟል?”

“አልታመመም።”

“አወራወሬን ጠልቶት ነው?”

ዝም አልኩ። ፆመኛ ነኝ። ልጁም ዝምታዬን አዎ ብሎ ተረጎመውና ያለ የሌለ ኃይሉን ይወረውር ጀመር። ሬዲዮኑ “ፍጥነቱ ጨመረ፣ ምን አግኝቶ ይሆን?” እያለ ያደንቀዋል። ያገኘው የእኔን ሐቀኝነት ነው። ይኸው አሥራ አንድ ቀን አልዋሸሁም፤ ውጤቱ የልጁ ክርን ነው። ሐሙስ ዕለት መኪና ውስጥ የውሃ ጠርሙስ መክፈት አቃተው። ፆመኛው ከፈትኩለት።

የዚያን ቀን ለፆም መፍቻው ለኢፍጣር ቤት ወሰድኩት። ካውሰር ሳን ሆዜ ፊዚዮቴራፒ ትማራለች። ሳምቡሳውን አስቀምጣ ክርኑን በሁለት ጣቷ ያዝ ስታደርገው ልጁ ጠረጴዛውን ጨበጠ።

“ዳድ፣ ዚስ ኢዝ ሪሊ ባድ።”

“በአማርኛ።”

“ውስጡ ያለው ሊጋመንት… ክር ነገር… እየተበጠሰ ነው። ሰንደይ ከወረወረ ኢትስ ኦቨር። ለቲሙ ዶክተር መንገር አለበት። ቱዴይ!”

ለልጁ ተረጎምኩለት፤ ለአንድ ጊዜ እንኳ ምንም ሳልጨምር። ራሱን ነቀነቀ። “ከተናገርኩ ሌላ ሰው ይወረውራል። አባቴ እሑድን አያለሁ ብሏል አላልከኝም?”

“ብያለሁ።”

“እንግዲያው እንዴት ልቀመጥ? ያን ሁሉ ቀን ዝም ያለኝ ሰው፣ እሑድ ዓይኑን ሲከፍት ሌላ ሰው ይይ?”

ዙሌይካ ስፓኒሽ አታውቅም፤ ግን ልጁን አየችው፣ እኔን አየችኝ፣ ከዚያ ለእሱ ብቻ ሾርባ ጨመረችለት።

ለምን አንተ ራስህ ለሐኪሙ አትነግርም ትለኝ ይሆናል። አስቤዋለሁ። አንድ የታክሲ ነጂ ታመመ ይላል፣ ወርዋሪው አያመኝም ይላል፤ ክንዱ የማን ነው? የሚሰማው አንድ ሰው ብቻ ነው፣ ያንንም ሰው የሠራሁት እኔ ነኝ፣ አሁን ግን ባለቤቱ ያስፈልገኛል።

ስለዚህ ደውልለት። ስልኩን ከዚህ ኢሜይል ጋር አያይዤዋለሁ። “ልጄ” ማለት አይጠበቅብህም። ይቅርታ ማለትም አይጠበቅብህም። “አምሐ ነኝ፤ ክንድህን ለሐኪም አሳይ” በለውና ዝጋ። ከጎንህ የተኛችውን ወይንሸትን ማስነሳት የለብህም፤ ውሻውን ላየው ብለህ ደጅ ውጣ። ስፓኒሹን ረስቼዋለሁ እንዳትለኝ፤ ዶርሙን በሙሉ ታርም የነበርክ ሰው ነህ። ስድብ ካለህ ደግሞ ለእኔ አስቀምጠው፣ ሌላ ቀን ደውለህ ታራግፈዋለህ። በአንድ ስልክ ሁለት ነገር ታተርፋለህ፤ የእሱን ክንድና የእኔን ፆም። አንተ አሁን ብትለው፣ እኔ ብሏል ያልኩት ሁሉ ወደ ኋላ ተመልሶ እውነት ይሆናል። ይህን ሼኹን አልጠየቅኋቸውም፤ አይሆንም ቢሉኝስ?

እንዲያው ለክፋት ይዋሻል እንዳትለኝ አንድ ነገር ላስታውስህ። ሙያውን ያስተማርከኝ አንተ ነህ። የመጀመሪያው ዓመት፣ ሁለታችንም የአሥራ ሁለት ዓመት ልጆች፣ አባቶቻችን ኦጋዴን ቀርተው፣ እኛ ባሕር ማዶ። እኔ ታች ሆኜ ስነፋረቅ አንተ ከላይ ራስህን አዘቅዝቀህ “አብዱ፣ አባትህ መልእክት ልኮልህ ነበር፤ ፍራሽ አታበስብስ ብሎሃል” ትለኝ ነበር። በሌላ ቀን፣ “አባትህ ሒሳብ ላይ በርታ ብሏል።” አባቴ ሒሳብ የሚባል ነገር መኖሩን ሳያውቅ የሞተ ገበሬ ነው። መሞቱንም አውቅ ነበር፤ ሬሳው እንዳልተገኘ የነገሩኝ ደሴ ላይ ነው። ታዲያ አንተ ስትነግረኝ፣ አምሐ፣ እተኛ ነበር። ያንን እስከ ዛሬ አላመሰገንኩህም። አሁን አመሰግንሃለሁ፤ ውለታዬንም በስልክ እንድትመልስልኝ እለምንሃለሁ። ነገሩ የተገላቢጦሽ መሆኑ ይገባኛል።

ሌላው ኑሮ እንዳለ ነው። ነዳጅ ተወዷል፣ ገዛኸኝ ትናንት አንድ ግሪካዊ ፖሊስ የጎንደር ልጅ ነው ብሎ በአማርኛ ሲማጠነው ቅጣቱን ይዞ ተመልሷል። እኛ ደህና ነን። ወይንሸትን ሰላም በልልኝ፤ ከየት እንደሆነ ሳትነግራት። የምታምነውም የማምነውም ጌታ ጓዳህን ይሙላ፣ ደጅህን ይጠብቅ፣ አራቱንም ልጆችህን ያሳድግልህ።

ከታችኛው አልጋ፣
አብዱልመናን

እሑድ፣ ነሐሴ 16

ትናንት የላክሁልህን ነው መልሼ የምልክልህ፣ ይህችን ከሥሩ ጨምሬ። አልደወልክም። ወይም ደውለህ አላነሳም፤ እሱን ልመንልህ።

ጠዋት ሳን ሊያንድሮ ሄጄ የአፓርታማውን በር አንኳኳሁ። ክርኑን በበረዶ ጠቅልሎ፣ ለብሶ ጨርሶ ቆሟል። ፆሜን እንደያዝኩ፣ ዓይን ዓይኑን እያየሁ፣ “አባትህ ደወለ” አልኩት።

“ለአንተ?”

“ለእኔ።”

“ምን አለ?”

“ክንድህን ለሐኪም አሳይ አለ። ዛሬ ብትወረውር አላይህም አለ።”

በረዶውን ከክንዱ ፈታው። “ተቆጥቷል?”

“አልተቆጣም። ከመጀመሪያውም አልተቆጣም።”

“ታዲያ ይህን ያህል ቀን ለምን ዝም አለኝ?”

“ረመዳን ስለሆነ” አልኩት። አንተን፣ የደብረ ሲና ቄስ የልጅ ልጅ፣ በር ላይ እንደቆምኩ አሰለምኩህ። ካመለጠኝ በኋላ ነው የሰማሁት። ልጁ ፈገግ አለ።

“ስፓኒሹ ጥሩ ነው፣ አይደል?” አለኝ።

“በጣም ጥሩ ነው” አልኩት።

ጫማውን በአንድ እጁ ሊያስር ሲታገል ተንበርክኬ አሰርኩለትና ሄድን። ለሐኪሙ የነገረው ራሱ ነው፤ እኔ ቃል እንኳ አልተረጎምኩም፤ እንግሊዝኛው ለዚያ በቅቷል። በእሱ ምትክ ሌላ ወረወረ፤ ተሸነፉ። ሐሙስ ክርኑን በቀዶ ሕክምና ይከፍቱታል። ከዚያ አንድ ዓመት ኳስ አይነካም፤ ከዓመት በኋላስ ለሚለው የሚምል ሐኪም የለም።

ከሐኪሙ ክፍል ሲወጣ ቃሌን ላፈርስብህ ቆረጥኩ። ቢላ ሥር የሚገባ ሰው የአባቱ ስልክ ሊኖረው ይገባል ብዬ ቁጥርህን ከፍቼ ዘረጋሁለት። አላየውም። አያስፈልገኝም አለ። ያንኑ ቁጥር ሚርታ ሃቫና ከቀሩት የትምህርት ቤት ጓደኞቻችን ለምና አግኝታለታለች፤ በእጁ ከገባ ሦስት ዓመት ሆኖታል። ያኔ ከስቶክተን ደውሎልህ፣ በጣም ጥሩ በሆነ ስፓኒሽ “ቁጥር ተሳስተሃል” ብለኸዋል።