የግራው በሬ የነገረኝ

ወገራ፣ ሰኔ ፲፫ ቀን ፲፱፻፵፭ ዓ.ም.

ለምወድሽ ልጄ ለእናኑ፤ ጎንደር፣ ቁስቋም

ከነባልሽ ከነልጆችሽ እግዚአብሔር በጤና ያቆይልኝ። እኔ ሸጋ ነኝ። ፊደሉ ቢጣመም እንዳትስቂ፤ የገዛ እጄ ነው፤ ጻፍልኝ ብዬ ደብተራ አልለመንሁም።

ልጄ፣ ስሚኝማ! ጎረቤታችን ዋኘው ከአምባ ጊዮርጊስ ገበያ ዳለቻ በሬ ገዝቶ ነበር። ቀንበር በጫነበት ቁጥር ይተኛል። ቢገርፉት አይነሳ፣ ሣር ቢሰጡት አይበላ። አገሩም የለመደውን አለ፤ «መጤው አለነ በዓይኑ በልቶት ነው። ከከብት ጋር የሚያወራ ሰው ምን ጤና አለው?» እናትሽ ከሞተች ወዲህ እደጄ ሰው ቆሞ አያውቅም። በሬው ከሞተማ ከቀየው ሊያስወጡኝ ተማክረው ነበር።

ማክሰኞ ጠዋት ዋኘው ራሱ መጣ። ከአጥሩ ውጭ ቆሞ፣ «አያ አለነ፣ ያሰርኸውን ፍታልኝ!» አለኝ።

«ያሰርሁት የለም። አንተ በሬውን ጠይቀኸዋል?»

«ምን ብዬ?»

«ምን ሆንህ ብለህ ነዋ!»

ሄድሁ። መንደሩ ሁሉ እርሻው ዳር ተኮልኩሏል። ከበሬው ጆሮ ሥር ቁጢጥ ብዬ ጠየቅሁት። አቤት ሲቆጣ! «አምስት ክረምት በግራ አርሻለሁ፤ ይህ ሰውዬ ምነው በቀኝ ይጠምደኛል?» አለኝ። እንዳለ ነገርኋቸው። ሳቁ፣ ሳቁ። እንኳየሁ፣ ያቺ ምላሰኛ፣ «አያ አለነ፣ ላም ይታጭለት እንደሆን ጠይቀውማ!» ብላ አላገጠችብኝ።

ዋኘው ግን ጨንቆታልና አዙሮ በግራ ጠመደው። ልጄ፣ ተነሳ! ጅራፍ ሳይነካው እስከ ቀትር አረሰ! ሴቶቹ እልል አሉ፤ እንኳየሁም አለችበት።

ትናንት ለሚካኤል ማኅበር ጠሩኝ። ከመካከል አስቀመጡኝ፤ ጽዋውን በእጄ ያዝሁ! ሁሉም ከበበኝ። «ላሜ ምነው ወተት ነሳችኝ?» «በቅሎዬ ስለ እኔ ምን ትላለች?» ላንዱ ስመልስ ሌላው እጄን ይጎትታል፤ ማኅበሩ እስኪበተን ሳወራ ዋልሁ። አንተስ እንዴት ነህ ያለኝ የለም። ምን ቸገረኝ፤ ጠርተውኛል።

እንግዲህ ጎንደር ግባ ያልሽኝን ተይው። እኔ አሁን የማኅበር ሰው ነኝ።

የቁስቋሟ እመቤት ከክፉ ትሰውርሽ፤ ልጆችሽ አድገው ይጡሩሽ። መልስ ስትልኪ ስለ በሬው አትጠይቂኝ። አባባ እንዴት ሰነበትህ ብለሽ ጀምሪና ረዘም አርገሽ ጻፊው።

አባትሽ
አለነ የሻው