አውቶቡሱ ወደ ኋላ የተንሸራተተ ዕለት

ይድረስ ለታላቅ እህቴ ለዘመናይ ጌታሰው፤ ካለሽበት ከጂዳ።

እታለም፣ እንዴት ሰንብተሻል? ጤናሽ እንዴት ነው? ደረጃ ስትወጪ የሚይዝሽ የጉልበት ሕመም ተወሽ ወይስ እንደ ልማድሽ ችለሽው ዝም ብለሻል? ሙቀቱስ እንዴት አደረገሽ? ሥራው፣ የሰው ቤቱ፣ የሰው ልጁ እንዴት ይዞሻል? አብራሽ የምታድረው የላስታዋ ትግስትስ ደህና ናት? እኔ እህትሽ ምህረት ከናፍቆትሽ በቀር በቁሜ አለሁ። ዝናቡ ዘንድሮ አልነፈገንም፤ ደሃና ያለው የአባባ ገብስም ጥሩ ይዟል። ላሚቱ ወልዳለች፤ ጥጃዋ ሴት ናት።

ይህን ሁሉ አስቀድሜ የጻፍኩት ዋናውን ነገር መጀመር ከብዶኝ ነው።

ሰሞኑን በየስልኩ ሰቆጣ ላይ እንግዳ የጫነ አውቶቡስ ገደል ገባ፣ ሰው አለቀ እያሉ የሚያዞሩትን ወሬ ሳታዪው አትቀሪም። ስትደውዪ እማ ውሸት ነው፣ እኛ ጋ ምንም የለም ብላ ስትዘጋብሽ አጠገቧ ቆሜ ሰምቻለሁ። እታለም፣ ሁሉም ውሸት አይደለም። አውቶቡሱ ገደል አልገባም፤ ሰውም አልሞተም። ግን አውቶቡሱ ውስጥ እኔ ነበርኩ፤ እማም ነበረች። በስልክ ልነግርሽ ደጋግሜ ጀምሬ ድምፄ እምቢ አለኝ። የጎረቤታችን የደጅይጥኑ ልጅ ወደ ጂዳ ልትመለስ ስለሆነ፣ በእጇ ልሰድልሽ ብዬ ይኸው ቁጭ ብያለሁ።

የሻደይ ሰሞን ከተማው በእንግዳ ሲሞላ የበዓሉ አስተባባሪዎች እንግዶቹን በአውቶቡስ ሰፈር ለሰፈር የሚያዞር አስጎብኚ ፈለጉ። በቱሪዝም ተመርቄ ቤት መዋሌን ታውቂያለሽ። አማርኛውንም፣ የእማን አገውኛም፣ ከገበያ የለቀምኩትን ትግርኛም ስለምናገር እኔን ጠሩኝ። ደስታዬን አትጠይቂኝ፤ ፍርሃቴንም አትጠይቂኝ። ሰው ፊት ቆሜ መናገር እንዴት እንደሚያንቀጠቅጠኝ ካንቺ በላይ የሚያውቅ የለም። እማ ይህን አይታ "አብሬሽ እሄዳለሁ፤ ፊትሽን ወደ እኔ አድርገሽ ተናገሪ" አለችኝ። እምቢ ብላትስ ትቀራለች? የበዓል ልብሷን ለብሳ፣ ጎረቤታችንን ወይዘሮ አመተ ማርያምን አስከትላ፣ የፊተኛውን ወንበር ከሁሉ ቀድማ ያዘች።

አውቶቡሱ በየመንገዱ የምታውቂው ዓይነት አሮጌ ቅጥቅጥ ነው። ሹፌሩ ደግሰው ይባላል፤ የኒሯቅን መንገድ ለብዙ ዘመን የነዳ፣ ዝምተኛ ሰው። እንግዶቹ ከባሕር ዳር የመጡ መምህራን፣ ከአዲስ አበባ የመጡ ባልና ሚስት፣ ከትግራይ በኩል የተሻገሩ ነጋዴዎች፣ ደግሞም ከአበርገሌና ከደሃና ለበዓሉ የወጡ እናቶች ነበሩ። መጀመሪያ ወደ ታችኛው ገበያ ወረድን። ነጩን ማር አቀመስኳቸው፤ ሻጭና ገዢ በአገውኛ ጀምረው በትግርኛ ተጣልተው በአማርኛ ሲታረቁ አይተው ሳቁ። ከዚያ እስላም ሰፈር ገባን፤ አንድ ሽማግሌ ከሱቃቸው ወጥተው በየመስኮቱ ቴምር አቀበሉን። አሮጌዎቹን የድንጋይ ቤቶች አየን። ቀጥለን በጦርነቱ ጊዜ ተፈናቅለው የመጡ ሰዎች ወደከተሙበት ወደ ቆርቆሮ ሰፈር ስንደርስ፣ ከአበርገሌ የመጣች አንዲት እናት በመስኮት የአክስቷን ልጅ አይታ ጮኸች። አውቶቡሱን አስቆምን። ሞታለች ብላ አልቅሳላት ኖሯል፤ ተቃቅፈው አልላቀቅ ሲሉ የባሕር ዳሮቹም አብረው አለቀሱ። እማ በየመሐሉ "እሱን ዘለልሽው፣ የምንጩን ንገሪያቸው እንጂ" እያለች ታርመኛለች። እየቆየ ድምፄ ተከፈተ፤ እንዲያውም አፌ ጣፈጠ።

ታዲያ ከቆርቆሮ ሰፈር ቁልቁል ስንወርድ የሆነ የሚያር ነገር ሸተተኝ። ደግሰውን አየሁት፤ ፍሬኑን ደጋግሞ እየረገጠ ነው። ጎንበስ ብዬ ምነው ስለው "ፍሬኑ እየላላብኝ ነው፤ እዚሁ ብናበቃ ይሻላል" አለኝ በቀስታ። አብሮን የተሳፈረው የበዓሉ አስተባባሪ ሰማና "የቀረን የላይኛው ሰፈር ብቻ ነው። ደግሞ ሽቅብ አይደል? ለሽቅብ ፍሬን ምን ያደርጋል?" አለው። ደግሰው ግንባሩን በክንዱ ጠርጎ ማርሽ አስገባ። ከዚያች ቅጽበት ጀምሮ ስለ ሰፈሩ እየተናገርኩ ዓይኔ ከደግሰው እግር አልነቀል አለ።

ወደ ላይኛው ሰፈር የሚያወጣውን ጠመዝማዛ ታውቂዋለሽ። ከመታጠፊያው ዝቅ ብሎ በግራ የቄስ ገብረ ኢየሱስ ግቢ የድንጋይ ካብ አለ፤ በቀኝ ጎርፍ የበላው ገደል ነው። ማለዳ ዝናብ ጥሎ ስለነበር መንገዱ ጭቃ ሆኖ ላቁጧል። ካቡን አልፈን መታጠፊያው ላይ ስንደርስ ሞተሩ አቃሰተ፣ ተንቀጠቀጠና ጠፋ። ለአንድ አፍታ ቀጥ አልን። ቀጥሎ በመስኮቱ የማየው ባሕር ዛፍ ወደ ፊት መሄድ ጀመረ። ዛፉ አልነበረም የሚሄደው፤ እኛ ነበርን ወደ ኋላ የምንሄደው።

ደግሰው የእጅ ፍሬኑን ሳበ፤ አልያዘም። "ታኮ! ድንጋይ አድርጉበት!" ብሎ በመስኮት ጮኸ። መንገድ ላይ የነበሩ ሰዎች ጎማው ሥር ድንጋይ ወረወሩ፤ ጎማው ድንጋዩን በጭቃው ላይ እየገፋ ይዞት ወረደ። ሰው ሁሉ ከወንበሩ ተነሣ። በሩ ደግሞ ያለው በገደሉ በኩል ነው፤ የዘለለ ሰው ወይ ለገደሉ ወይ ለጎማው ነው። እኔ በሩ ጋ ነበርኩ። ግራና ቀኝ ብረቱን ጨብጬ በገላዬ ዘጋሁት። "ቁጭ በሉ! አትዝለሉ!" ብዬ ጮህኩ። የደሃና እናቶች በድንጋጤ አማርኛው ጠፍቷቸው ይገፉኛል፤ በአገውኛ ጮህኩ። "ኮፍ በሉ!" ብዬ በትግርኛም ጮህኩ። አንድ ግዙፍ ነጋዴ በክርኑ ደረቴን መትቶ "ልቀቂኝ፣ ልጆች አሉኝ!" አለኝ። "ልጆችህ ጋ እንድትገባ ነው፣ ተቀመጥ!" አልኩት። ድምፁ ከኔ የወጣ አልመሰለኝም።

ያን ጊዜ እማ ወይዘሮ አመተ ማርያምን በመቀነቷ ይዛ ወለሉ ላይ ዘጭ አለች። "ልጄ የምትላችሁን ስሙ!" ብላ በአገውኛ ስትጮህ እናቶቹ እየተከተሏት ተቀመጡ፤ ነጋዴውም ተቀመጠ። ደግሰው መሪውን ባለ በሌለ ኃይሉ ጠምዝዞ የአውቶቡሱን ጀርባ ከገደሉ መለሰና ለካቡ ሰጠው። የዚያን ጊዜው ድምፅ እስከ ዛሬ ከጆሮዬ አልወጣም። ካቡ ተናደ፣ የኋላው መስታወት ረገፈ፣ አውቶቡሱ አንዴ ዘለለና ቆመ።

ከዚያ የሰማነው የለተጊዮርጊስን ጩኸት ነው። የቄስ ገብረ ኢየሱስን ልጅ ታስታውሻታለሽ። አባቷ ከደሃና ወደ ሰቆጣ ስንገባ ለቤታችን ጠበል የረጩልን ናቸው፤ ዛሬ እግራቸው ደክሟል፣ ጆሯቸውም ከብዷል። ዝናብ ሲያባራ ካቡ ሥር ባለው መደብ ላይ ጋቢያቸውን ደርበው ፀሐይ እንደሚሞቁ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። በዚያ ሰዓት ደግሞ ፀሐይ ወጥታ ነበር። ለተጊዮርጊስ ከማድቤት ወጥታ ድንጋዩ መደቡን እንደቀበረው ስታይ "አቦይ! አቦይ ከሥሩ ናቸው!" እያለች ደረቷን መታች።

እንዴት ከአውቶቡሱ እንደወረድኩ አላውቅም። መጀመሪያ ድንጋይ ያነሣው ደግሰው ነው፤ ግንባሩ ተፈንክቶ ደሙ ዓይኑ ውስጥ ይገባል፣ አይጠርገውም። ነጋዴውም፣ መምህራኑም፣ የአዲስ አበባዋ ሴትዮም በእጃቸው ይቆፍራሉ። ጥፍሬ ተነቅሎ አልተሰማኝም። ልቤ ግን ቶሎ ድረሽ አላለኝም፤ እውነቱን ልንገርሽ፣ የሚቀጥለውን ድንጋይ ባነሣሁ ቁጥር ከሥሩ የማየውን እየፈራሁ ነበር። በኋላ የነጭ ጋቢ ጫፍ ታየ። ሰው ሁሉ እጁን ሰበሰበ። እኔ ጫፉን ያዝኩት፣ መሳብ ግን አቃተኝ። ለተጊዮርጊስ አጠገቤ ተንበርክካ "ሳቢው፣ ምህረት" አለችኝ። ሳብኩት። ጋቢው ባዶውን መጣ።

"እንግዶቹ ደረሱ እንዴ?" የሚል ድምፅ ከኋላችን ሰማን። ቄስ ገብረ ኢየሱስ ከቤታቸው ደጃፍ ቆመዋል፤ ጥምጥማቸው ግማሹ ራሳቸው ላይ፣ ግማሹ ትከሻቸው ላይ ነው። እንግዳ የጫነ አውቶቡስ ወደ ሰፈራቸው እንደሚወጣ ለተጊዮርጊስ ጠዋት ነግራቸው ኖሯል። በባዶ ራሴ እንግዳ አልቀበልም ብለው፣ ጋቢውን መደቡ ላይ ትተው፣ ጥምጥማቸውን ሊያሥሩ ግድግዳ ግድግዳውን ይዘው ገብተዋል። ቤቱ ሲናወጥ ነጎድጓድ መስሏቸዋል። ለተጊዮርጊስ እግራቸው ላይ ወደቀች። ደግሰው ጭቃው ላይ ተቀምጦ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፍኖ ተንሰቀሰቀ። ቄሱ ግራ ገብቷቸው መስቀላቸውን አውጥተው ሁላችንንም ማሳለም ጀመሩ።

እማን ያሰብኳት ያን ጊዜ ነው። ወደ አውቶቡሱ ስመለስ ወለሉ ላይ እንደተቀመጠች ናት፤ ግራ እጇን በነጠላዋ ጠቅልላ አቅፋለች። "ምንም አልሆንኩም፣ እንግዶችሽን እይ" አለችኝ፤ ከንፈሯ ግን ነጭ ሆኗል። ሐኪም ቤት ስንወስዳት አንጓዋ ተሰብሯል አሉን። ጀሶ ታሥሮላታል። ሐኪሙ አጥንቱ ደህና እየገጠመ ነው ብሏል፤ እህል ትበላለች፣ ትስቃለች፣ በአንድ እጇም ቢሆን ቤቱን ታዛለች። ለዘመናይ እንዳትነግሪ ብላ አስምላኛለች፤ በሰው አገር ብቻዋን ትንሰፈሰፋለች ብላ ነው። መሐላዬን ያፈረስኩት ከባዳ አፍ ብትሰሚው ይብሳል ብዬ ነውና ፍቺኝ። ስትደውዪ ስለ እጇ አትጠይቂያት፤ እስክትነግርሽ ታገሻት።

አባባ ወሬውን ደሃና ሰምተው እህል ውኃ ሳይቀምሱ በእግራቸው ገሥግሠው መጡ። አስተባባሪውም ሽማግሌ ይዞ ቄሱ ቤት መጣ፤ ሹፌሩ ነግሮኝ ነበር፣ ያልሰማሁት እኔ ነኝ ብሎ በሰው ፊት አመነ። ካቡን ግን ማንም ሳይለምናቸው የላይኛው ሰፈር ሰዎችና የእስላም ሰፈር ግንበኞች መልሰው ሠሩት።

እኔን ፍርሃቱ አልለቀቀኝም። ባጃጅ ውስጥ ተቀምጬ ነጂው ትንሽ ወደ ኋላ ቢመልስ ጮኼ ወረድኩ። ሰው በሩን ይዘሽ አተረፍሽን እያለ ይመርቀኛል። እኔን ግን የሚያስፈራኝ ሌላ ሊሆን ይችል የነበረው ነው፤ እማ ባትቀመጥስ? ጥምጥሙ ለቄሱ ትዝ ባይላቸውስ?

ባለፈው እሑድ ሌሎች እንግዶች መጥተው እንዳዞራቸው ተጠየቅሁ። አልችልም አልኩ። እማ ከጓዳ ሆና "በእግር ውሰጃቸው። እግር ፍሬን አያጣም" አለች። ጀሶዋን አንገቷ ላይ አንጠልጥላ እሷው ከፊት ወጣች። ገበያውንም፣ እስላም ሰፈሩንም፣ ቆርቆሮ ሰፈሩንም በእግራችን አዳረስን። ጠመዝማዛው ሥር ስደርስ መንገድ ዳር ተቀመጥኩ፤ እንግዶቹ የደከመኝ መሰላቸው። እማ ተነሺ አላለችኝም፤ ጎኔ ቁጭ ብላ አብራኝ ቆየች። በኋላ ለተጊዮርጊስ በአዲሱ ካብ አንገቷን ብቅ አድርጋ "ምን ትጠብቃላችሁ? አቦይ እኮ ጥምጥማቸውን አሥረው ቁጭ ብለዋል" አለችን። ተነሣሁና "ይህ የላይኛው ሰፈር ነው፤ ግቡ" አልኳቸው።

እታለም፣ በጸሎትሽ አስቢኝ። አባባ በዓይን ያገናኘን ብለው ይመርቁሻል። እማ ሰላምታዋን ልካለች፤ ምን እንደጻፍኩ ሳታውቅ "ጨምሪበት፣ ሳሚልኝ በያት" እያለችኝ ነው። ወንድምሽ እንዳለውም አሥር ጊዜ ሰላም ይልሻል፤ ሚስቱ ማርታ የላክሽላት ሻሽ ልክ ሆኖላታል። ልጃቸው ስምሽን መጥራት ጀምራለች፤ "መናይ" ትላለች። ወይዘሮ አመተ ማርያምም እማ የሳበቻት መቀነት እስከ ዛሬ ወገቤን ያመኛል በያት ብላኛለች። የላስታዋን ትግስት ሳሚልኝ። ራስሽን ጠብቂ፤ መኪና ስትሳፈሪም ከበሩ ራቅ በይ።

እህትሽ ምህረት ጌታሰው

ሰቆጣ፣ ነሐሴ ፳፱ ቀን ፳፻፲፯ ዓ.ም.