የነርሷ እጅ

ሳንታ ክሩዝ፣ ሰኔ 3 ቀን

ለውድ እናቴ ለማርጋሬታ፣

እንዴት ሰነበትሽ እማዬ? ዓይንሽስ ተሻለሽ? እኔ ድካሙ ከመበርታቱ በቀር ደኅና ነኝ። ወተት ጫኙ ሩፊኖ ነገ ወደ ማኅበሩ መንደር ስለሚሄድ ይህን ጻፍኩልሽ። ፋሻሽ እስኪፈታ አባባ ጮክ ብለው እንደሚያነቡልሽ አውቃለሁ፤ ለእሳቸውም ሰላምታዬ ይድረስ።

ስለ ኑሮዬ ጠይቀሽኝ አታውቂም፤ እኔው ልንገርሽ። ከሃይማኖት ማኅበራችን ከወጣሁ ስድስት ዓመት ሞላኝ። ቀን ቀን የዓይን ሐኪም ቤቱን አንሶላ አጥባለሁ፤ ከሥራ ስወጣ በሠላሳ ዓመቴ የከተማውን ቋንቋ ፊደል እቆጥራለሁ። እግሬ ያብጣል። አከራዬ ዶኛ ኤውሴቢያ ግን ታስቀኛለች።

«አንቺ አጋኔታ፣ እናንተ ዘንድ ትራክተር በብረት እግር ነው አሉ የሚሄደው። አምላካችሁን ጎማ ምን አደረገው?» አለችኝ ባለፈው።

«ጎማውስ ምንም አላደረገ። የማኅበሩ ሽማግሌዎች የፈሩት ጎማው የሚወስደንን ከተማ ነው።»

«ታዲያ አንቺ በምን መጣሽ?»

«በእግሬ!»

አብረን ሳቅን። ክፍሌ ስገባ ግን አለቀስኩ። ናፍቃችሁኛል።

አሁን ዓይንሽን ተሠርተሽ እዚህ ሐኪም ቤት ስለተኛሽበት ቀን ምሳ ልጻፍ፤ ሽማግሌዎቹ ቢጠይቁሽ እንዳትቸገሪ። በማኅበሩ ተጠምቄ ቃል ከገባሁ በኋላ ስለወጣሁ ተወግዣለሁ፤ ከእጄ የበላም እንደኔው እንደሚወገዝ አልረሳሁም። ስለዚህ ሾርባውን እንደ ሥርዓቱ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጬ ፈቀቅ አልኩ። አንዱ ዓይንሽ ታስሮ፣ ሌላውን ሞራ ጋርዶት፣ በእጅሽ ስትዳብሺ ሳህኑ ተገለበጠ። አባባ በሩ ላይ ቆመው አይተዋል። እህል ካፍሽ ከገባ ቀን አልፎት ነበር።

ከዚያ አባባ ልጸልይ ብለው ወደ ግቢው ወጡ። እኔም ወጣሁ። ሌላ ሾርባ ይዛ የገባችው ነርሷ ናት፤ ያጎረሰችሽም እሷው ናት። ይህንኑ በይ።

ነርሷ ሁሉንም ነግራኛለች። እንዳያቃጥልሽ እፍ እያለች፣ አገጭሽ ላይ የሚንጠባጠበውን በመዳፏ እየጠረገች፣ አንድም ቃል ሳትተነፍስ ነው ያበላችሽ። መጀመሪያ አፍሽን ጥርቅም አድርገሽ ዘጋሽ አሉ። ኋላ እጇን ያዝሽና ጣቶቿን አንድ በአንድ ዳበስሽ። ከዚያ አፍሽን ከፈትሽ። ሾርባው ሲያልቅ በእኛ ቋንቋ «እጅሽ ሻከረ። ከስተሻል እኮ፤ አትበዪም እንዴ?» አልሻት። ነርሷ የከተማ ልጅ ናት፤ ቋንቋችንን ከየት ታውቀዋለች? ግን ቃል በቃል ይዛ ነገረችኝ፤ እስካሁንም ከልቧ አልወጣላት ብሏል።

አባባ ያ ብርዳም የደቡብ ነፋስ እየገረፋቸው፣ ሳህኑ ባዶ እስኪሆን ከግቢው አልተመለሱም። እግዚአብሔር ይስጥልን በያቸው።

ሐኪሙ ሁለተኛው ዓይንሽ በነሐሴ ይሠራል ብሏል። አረጀሁ፣ አንዱ ይበቃኛል እንዳትይ፤ ነይ። ነርሷም ትጠብቅሻለች። የፈራችው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ያኔ አንዱ ዓይንሽ ያያል። ስለዚህ እማዬ፣ ሾርባውን ይዛ ስትገባ፣ በእናትነትሽ፣ ዓይንሽን ጨፍኚላት።

ብርሃንሽን ሙሉ ያድርግልሽ፤ ዕድሜሽን ያርዝምልኝ።

ልጅሽ አጋኔታ