የሴቶቹን ጨዋታ ወደ ሰባት ሰዓት ላዞሩት ለአዲሱ የስፖርት ሥርጭት ኃላፊ

ይድረስ ለተከበሩ አቶ ሚክዳድ ዐብዲሐኪም
የከተማችን ቴሌቪዥን የስፖርት ሥርጭት ኃላፊ
ድሬ ዳዋ

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎ እንደ ስቱዲዮዎ አየር ቀዝቃዛና የተረጋጋ ይሆን ዘንድ ከልብ እመኛለሁ። ለአምስት ዓመታት በማለዳው ዝግጅትዎ ፈገግታዎን አይተን ወደ ሥራችን ስንወጣ የኖርን የመጋላ ነዋሪዎች፣ ስፖርቱን እንዲመሩ መሾምዎን የሰማነው በደስታ ነበር፤ ደስታችን የመጀመሪያው መርሐ ግብርዎ እስኪወጣ ድረስ ቆይቷል። ይህን ደብዳቤ ሦስት ጊዜ ጽፌ ሦስት ጊዜ ቀድጃለሁ። የፍጻሜው ጨዋታ ግን በዚህ ቅዳሜ ስለሆነ፣ ትሕትናዬ ተስተካክሎ እስኪያልቅ መጠበቅ አልቻልኩም።

፩. የሴቶች ሊጋችን ጨዋታዎች ሊጉ ከተመሠረተበት ጊዜ ጀምሮ ፀሐይ በረድ ስትል፣ ከቀኑ አሥር ሰዓት ይጀመሩ ነበር። እርስዎ ብርሃኑ ለካሜራ ይበቃል በማለት ወደ ሰባት ሰዓት አዞሯቸው። በሰባት ሰዓት መጋላ ሱቁን ዘግቶ ጋደም ይላል፤ በታይዋን ገበያ ሻጩ በጨርቁ ክምር ላይ ያንቀላፋል፤ የባጃጅ ነጂው እግሩን ወደ ውጭ ዘርግቶ ስለሚተኛ ቀስቅሶ የሚሳፈር የለም። ይህን አያውቁም ማለት ድፍረት ይሆንብኛል፤ እርስዎም የዚሁ ከተማ ልጅ ነዎት። በተለቀቀው አሥር ሰዓት ላይ የገባው የጨዋታው ትንታኔ መሆኑን፣ ተንታኙም እርስዎ ራስዎ መሆንዎን ግን በአድናቆት ተመልክተናል።

፪. ባለፈው ቅዳሜ ግብ ጠባቂዋ ታናሽ እህቴ ኢፍራህ በሁለተኛው አጋማሽ ራሷን ስታ ወደቀች። አሠልጣኟ ኡባህ ተሸክማ ወደ ሜዳው ግንብ ጥላ ወስዳ ውሃ ስታፈስባት፣ ዓይኗን ገልጣ መጀመሪያ የጠየቀችው «ኳሷ ገባች?» ብላ ነው። ገብታለች። የዚያኑ ዕለት «የግብ ጠባቂዋ የትኩረት ማነስ» በሚል ርዕስ አወዳደቋን አራት ጊዜ በዝግታ ስላሳዩን እናመሰግናለን። እህቴ ከዚያ ቀን ጀምሮ ጓንቷን አልጋ ሥር ወርውራ ከቤት አልወጣችም።

፫. በመጨረሻም ባዶውን መቀመጫ አስቀርጸው የሴቶች እግር ኳስ ተመልካች ስለሌለው ከፍጻሜው በኋላ ሥርጭቱ እንደሚቋረጥ አበሰሩን። ሰውን በማይመጣበት ሰዓት ጠርቶ፣ አልመጣም ብሎ የሚፈርድ ዳኛ ባነበብኳቸው መጻሕፍት ሁሉ አላጋጠመኝም፤ ንባቤ ገና መሆኑን እርስዎ አስተማሩኝ።

የምለምንዎ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ፍጻሜውን ወደ አሥር ሰዓት ይመልሱልን። ያን ጊዜ መቀመጫው ባዶ ከሆነ ሊጉን በገዛ እጄ እቀብረዋለሁ።

ላብ ነክቶት የማያውቀውን ግንባርዎን ፈጣሪ እንደዚያው ያቆይልን እያልኩ፣ ከወገብ ዝቅ ብዬ እሰናበታለሁ።

አክባሪዎ
ሂባቅ ሮብሌ፣ ከመጋላ

ደብዳቤውን ካጠፍኩ በኋላ የተጨመረ፦ የሁለቱም ቡድኖች አሠልጣኞች ትናንት ተነጋግረው፣ ካሜራ ቢመጣም ባይመጣም ልጆቹ ሜዳ የሚገቡት በአሥር ሰዓት እንደሆነ ወስነዋል። ኢፍራህ ጓንቷን አጥባ አስጥታዋለች። የእርስዎም ትእዛዝ እንዳይናቅ፣ ልክ በሰባት ሰዓት እህቴ በወደቀችበት ግብ ፊት አንድ ወንበር እናስቀምጥልዎታለን፤ ሦስት ሰዓት ያህል ቁጭ ብለው ይጠብቁን። ጥላ የለውም፤ ብርሃኑ ግን ለካሜራ ይበቃል።